የአባዬ ሜትር

ትናንት ማታ እንቅልፍ እምቢ ሲለኝ «ኢንዱራንስ»ን ደግሜ አየሁት። ኃይሌ ገብረሥላሴ ራሱን ሆኖ የሠራበትን ፊልም። በፈረንጆቹ 1996 አትላንታ ላይ 10,000 ሜትሩን በ27 ደቂቃ ከ7 ሰከንድ ጨርሶ ወርቁን ሲወስድ ያልጮኸ የለም። ትናንት ግን ዓይኔ ቤተሰቡ ላይ ቀረ። አባቱ ራሳቸውን ሆነው ቀርበዋል። እናቱ ኃይሌ ገና ልጅ ሳለ ነው ያረፉት። እሳቸውን ሆና የሠራችው እህቱ ናት።

ካሜራ ፊት የገዛ እናትን መሆን! እንዴት እንደቻለችው እንጃ።

ኃይሌ ሲሮጥ ግራ ክንዱ ወደ ደረቱ ጠጋ ይላል። ልጅ ሆኖ ደብተሩን ብብቱ ሥር ይዞ ትምህርት ቤት ሲሮጥ የቀረበት ልማድ ነው። ሰው ራሱን ሲሆን የሚታየው እዚህ ላይ ይመስለኛል፤ ሳያስበው በሚያደርገው ነገር።

አባዬም አንድ ጊዜ ቴሌቪዥን ላይ ወጥቷል። 20 ሰከንድ ብትሆን ነው። ፒያሳ፣ ዶሮ ማነቂያ አካባቢ ልብስ ሰፊ ነበር። የእንቁጣጣሽ ሰሞን ጋዜጠኞች መጡ። እኔም ሱቁ ውስጥ ነበርኩ። «አባት፣ የበዓል ገበያ እንዴት ነው?» አሉት።

«እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደህና ነው።»

አጠረባቸው መሰለኝ፣ «እስቲ እንደገና፣ ትንሽ ዘርዘር አድርገው ይንገሩን» አሉት። የተላለፈው ሁለተኛው ነው። ድምፁ የሱ አይመስልም። የቀበሌ ስብሰባ ላይ እጁን አውጥቶ የሚናገር ሰው ነው የሚመስለው። ካሜራውን ሲያይ ሜትሩን ከአንገቱ አውልቆ ኪሱ ከትቶት ነበር። እጁ ግን አላወቀም። እያወራ ሦስት ጊዜ ወደ አንገቱ ይሄዳል፣ ሜትሩን ይፈልጋል፣ ባዶውን ይመለሳል።

ወንድሜ ከቴሌቪዥኑ ላይ በስልኩ ቀድቶት ነው የተረፈን። ምስሉ ይንቀጠቀጣል። መሀል ላይ እማዬ «ዝም በሉ፣ ዝም በሉ!» ስትል ይሰማል። ከአባዬ ጀርባ የሚታየው ሰፈር በ2016 ፈርሷል። እሱ ይህን አላየም፤ ቀድሞ ነው የሄደው።

ቪዲዮውን ሳየው ድምፁን አጠፋዋለሁ። እጁን ብቻ ነው የማየው።

ሜትሩ እኔ ዘንድ ነው፣ ቁም ሣጥኔ በር ላይ ተሰቅሏል። ከ90 እስከ 100 ያሉት ቁጥሮች ተፍቀው ጠፍተዋል። የወንድ ደረት ሲለካ አውራ ጣቱ የሚያርፍበት ቦታ ነው።