ያልወጡ የራፕ ቅጂዎችና አስቸጋሪው የካሴት ፍጥነት

ከኮምቦልቻ ያገኘሁትን አንድ የቆየ የካሴት ቅጂ ሰሞኑን በትክክለኛ ፍጥነቱ ለመስማት ስለበቃሁ፣ ዘዴውን ለመሰሎቼ ላካፍል ወደድሁ። የምሰበስበው ለገበያ ያልቀረቡ የራፕ ሥራዎችን ሲሆን፣ አብዛኞቹ የአሜሪካ ዴሞዎች (የሙከራ ቅጂዎች) እና ሚክስቴፖች (ከአልበም ውጭ የሚሰራጩ የዘፈን ስብስቦች)፣ ጥቂቶቹ ደግሞ የደሴና የኮምቦልቻ ልጆች ቤታቸው የቀዷቸው ናቸው። አጀማመሩ የሁላችንም ነው፤ ፒያሳ ሚሞሪ ሰጥቶ ዘፈን ማስጫን፣ ከዚያም በፍላሽ መቀባበል። አሁን የምጠቀመው ሮክቦክስ የተባለውን ነፃ ሶፍትዌር የጫንሁበትን ሳንሳ ክሊፕ ፕላስ የተባለ ትንሽ የሙዚቃ ማጫወቻ ነው፤ ስብስብን ስልክ ላይ ማኖር፣ በእኔ እምነት፣ ለመጥፋት ማዘጋጀት ነው።

ካሴት በሰከንድ 4.76 ሴንቲ ሜትር እንዲጓዝ የተሠራ ቢሆንም፣ የቀዳው ቴፕና ያጫወተው ቴፕ ፍጥነታቸው ካልገጠመ ድምፁ ይቀጥናል ወይም ይወፍራል። በጆሮ መፍረድ ደግሞ አያዋጣም፤ የማናውቀው ልጅ ድምፅ ቀጭን ይሁን ወፍራም በምን እናውቃለን? የሂዩስተኑ ዲጄ ስክሩን የመሰሉት ሆን ብለው ያዘገዩ ስለነበር፣ የዘገየ ሁሉ የተበላሸ አይደለም።

መፍትሔውን ያገኘሁት ሁላችንም ከምንጠላው፣ ኤሌክትሪኩ ቅጂ ውስጥ ከሚያስገባው የመብራት ጉምጉምታ ነው። የእኛ አገር መብራት 50፣ የአሜሪካው 60 ሄርዝ (በሰከንድ የሚርገበገብበት ብዛት) ስለሆነ፣ ሲቀዳ የገባው ጉምጉምታ ፍጥነቱን ይናገራል። ችግሩ የራፕ ቤዝም እዚያው 50 ሄርዝ አካባቢ መዋሉ ነው። ስለዚህ ምቱ ከመጀመሩ በፊት ያለችውን ጸጥ ያለች ክፍተት አውዳሲቲ በተባለው የድምፅ ማረሚያ ፕሮግራም መርጬ፣ የስፔክትረሙን (የድምፁን ድግግሞሾች የሚያሳየውን ሥዕል) መጠን ለጥራት 65536 ላይ አድርጌ፣ ጉምጉምታው በእጥፎቹም ላይ ስለሚታይ ከ50 ይልቅ ሦስት እጥፉን 150ን እፈልጋለሁ። የኮምቦልቻው ቅጂ 154.5 አሳየኝ፤ 150ን ለ154.5 ሳካፍል 97.1 በመቶ ስለመጣ፣ ፋይሉን ሳልነካ የሮክቦክስን የፒች (ፍጥነትንና የድምፅን ቅጥነት አብሮ የሚለውጥ) መቆጣጠሪያ እዚያ ላይ አደረግሁት። በደሴና በኮምቦልቻ መካከል ያለውን የሐረጎን ቁልቁለት ስንወርድ በሚኒባሱ ውስጥ ስሰማው ልጁ የሚተነፍስበት ቦታ ሳይቀር ተለይቶ ተሰማኝ።

እዚያው ስፔክትረም ላይ በትክክል 150 የሆነ ሌላ ጫፍ (ጎልቶ የሚወጣ መስመር) ከታየ፣ ካሴቱ ወደ ኮምፒውተር ሲገለበጥ የገባ ሊሆን ስለሚችል በእርሱ አትለኩ። ድምፅ ለማጥራት ብለው ጉምጉምታውን አስቀድመው የሚያጠፉ ሰዎች ግን ያናድዱኛል፤ የሚያጠፉት ብቸኛውን ማስረጃ ነው። ጥራቱ ዝቅ ያለውን ባለ 128 ኪሎቢት ኤምፒ3 ወደ 320 ለውጠው «ኦሪጅናል» የሚሉትንም አላምንም።

ዘዴው ሁልጊዜ አይሠራም። በባትሪ የተቀዳ ካሴት ጉምጉምታ ላይኖረው ይችላል፤ ከካሴት ወደ ካሴት ሲገለበጥ የኖረ ደግሞ ብዙ ጫፎች ስለሚያሳይ የትኛው የመጀመሪያው እንደሆነ መለየት እስካሁን አልቻልሁም። የኮምቦልቻውን ባለቤት ሁለቱንም ባሰማው፣ ለዓመታት የለመደውን የፈጠነውን መረጠ። እኔ በልኬቴ እንደጸናሁ ነኝ፤ ሥራው ግን የእርሱ ስለሆነ፣ እርሱ እስኪፈቅድ ድረስ የትኛውንም ቅጂ እንድሰጣችሁ አትጠይቁኝ።