ሁለት ቤንዚን

ሽታው ደስ የሚል ነበር፤ ይህን አልደብቅም። ከምሳ ተመልሼ የቤተ ሙከራውን በር ስገፋ ጣፈጥ ያለ ሽታ ተቀበለኝ። የንብረት ክፍሏ ልጅ ከመጋዘኑ በር አጠገብ ቡና አቀራርባ፣ ከሰሉ ላይ ልባንጃ ጣል አድርጋ ስለነበር ከዚያ የመጣ መሰለኝ። መብራት ከጠዋት ጀምሮ ጠፍቷል። ሥራችን የኑግና የሰሊጥ ዘይት መመርመር ነው፤ መብራት ሲጠፋ ኑጉም በከረጢቱ፣ እኛም በየበርጩማችን እንቀመጣለን። ሥራ ከሌለ ደግሞ በጎንደር ቡና አለ። ወደ ረከቦቱ ስጠጋ ግን ሽታው ከጭሱ ተለየብኝ። የሚመጣው ከመጋዘኑ ውስጥ ነው።

እዚያ የመስኮቶቹን ፍሬም ሲቀቡ የሰነበቱት ሽማግሌ በርጩማ ላይ ተቀምጠው፣ እግራቸው ሥር ባስቀመጡት ጣሳ ብሩሻቸውን ያጥባሉ። እጃቸው እስከ ክርናቸው በነጭ የዘይት ቀለም ተለውሷል፤ አንዱን ክንድ አጽድተው ወደ ሁለተኛው እየተሻገሩ ነበር።

«ጋሼ፣ በምንድን ነው የሚታጠቡት?»

«በቤንዚን ነዋ። አኳራጁ አለቀብኝና ልጅቷን ጠየቅኋት፤ እግዜር ይስጣት።»

«ይህ እኮ ቤንዚን ቤንዚን አይሸትም።»

«ተጽፎበታል እኮ ልጄ። ዓይኔ ቢደክምም ማንበብ አልተውኩም።»

ቡናማውን ጠርሙስ አንሥተው አሳዩኝ። እውነታቸውን ነው። በወፍራም ጥቁር ቀለም፣ እኔ በምኮራበት በራሴ የእጅ ጽሑፍ፣ «ቤንዚን» ይላል።

«ጋሼ፣ ይህ ቤንዚን አይደለም» አልኳቸው፤ «ቤንዚን ነው።»

ሽማግሌው ብሩሹን ከጣሳው አውጥተው ቀና ብለው አዩኝ። የጠፋው መብራት ብቻ እንዳልሆነ የገባቸው መሰሉ።

የሚቀጥለውን ለማስረዳት ጊዜ አልነበረም፤ የታየኝ ከሰሉ ነው። በጣሳው ውስጥ ያለው ፈሳሽ ተኑ ከአየር በሦስት እጥፍ ገደማ ይከብዳል፤ እንደ ጭስ ወደ ላይ አይወጣም፤ ወለሉን ይዞ ይሄዳል። ከዜሮ በታች በ11 ዲግሪ ብርድ እንኳ እሳት ለመያዝ የሚበቃ ተን ይሰጣል። ከጣሳው እስከ ከሰሉ አራት እርምጃ ቢሆን ነው። ምድጃውን በሁለት እጄ አንሥቼ ወደ ግቢው ሮጥኩ። ጀበናው ወድቆ ተሰበረ፣ ልጅቷ «ኧረ በሥላሴ!» ብላ ጮኸች፣ የግራ አውራ ጣቴ ላይ ያለው ጠባሳ የዚያን ቀን ነው። ጣሳውን ከደንን፣ በርና መስኮት ከፈትን፣ ሽማግሌውን ሸሚዛቸውን አስወልቀን በሳሙናና በውኃ አስታጠብናቸው። ራሳቸውን ትንሽ አዙሯቸው እንደነበር የነገሩን ከዚያ በኋላ ነው፤ የጾሙ መስሏቸው ዝም ብለዋል። ወደ ሐኪም ወሰድናቸው፤ አንድ ቀን ነክቶ ከሚያልፈው ይልቅ የሚፈራው ዕለት ዕለት የሚደጋገመው ነው ተባልን፤ ደማቸውም ተመረመረ፤ ደህና ናቸው።

አሁን ወደ ጥፋቴ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት የንብረት መዝገብ ሁሉ በሥራ ቋንቋው በአማርኛ ይሁን የሚል ትእዛዝ መጣ። የኬሚካሎቹን ክፍል ለእኔ ሰጡኝ፤ በደስታ ተቀበልኩ። ሁለት ምሽት ተቀምጬ ኢታኖሉን፣ አሴቶኑን፣ ሄክሴኑን፣ ቶሉዊኑን በፊደላችን ገለበጥኩ። ከእኔ በፊት የነበሩ ሰዎች አዝዘውት ከኋለኛው መደርደሪያ የተረሳ አሮጌ ጠርሙስ ጋ ስደርስ የእንግሊዝኛውን (benzene) ድምፅ እንዳለ «ቤንዚን» ብዬ ጻፍኩና ወደሚቀጥለው አለፍኩ። አንድ ደቂቃ ቆም ብል ኖሮ፣ በዚያው መዝገብ ከሦስት ገጽ በኋላ ለጄኔሬተሩ የሚወጣው ነዳጅም «ቤንዚን» ተብሎ እንደተመዘገበ አስታውስ ነበር። ድምፁን ጻፍኩ እንጂ ነገሩን አልጻፍኩም። ልጅቷ ምንም አላጠፋችም፦ ሽማግሌው ቤንዚን አሉ፣ ቢን ካርዱን፣ የዕቃውን መቆጣጠሪያ ካርድ፣ አየች፣ ቤንዚን አገኘች፣ የዕቃ ማውጫውን ቅጽ፣ ሞዴል 22ን፣ አስፈርማ ሰጠች። እንዲያውም ከሁላችንም ደንቡን የጠበቀች እሷ ናት።

ችግሩ በዚህም አላበቃ። ሽማግሌው ከጠርሙሱ ግማሹን ለነገ ብለው ወደ ሃይላንድ ገልብጠው መደርደሪያው ላይ አኑረዋል። ሾፌራችን ደግሞ ለጄኔሬተሩ ያመጣውን ቤንዚን በሌላ ሃይላንድ እዚያው አጠገቡ አስቀምጧል። ሁለቱም ላይ ምንም አልተጻፈም። የማደያው ወደ ቢጫ ያደላል ይባላል፤ እኔ ግን በቀለም ብቻ አይቼ አልፈርምም። አሽትቶ መለየትም አይታሰብም፤ የዚህ ፈሳሽ ሽታ አፍንጫ ላይ የሚደርሰው አብዛኛውን ጊዜ ለሠራተኛ ከተፈቀደው ልክ ካለፈ በኋላ ነው።

ስለዚህ ከእያንዳንዱ አንድ ጣት ያህል ወደ ሙከራ ቱቦ ቀዳሁና አፋቸውን በቡሽ ደፈንኩ። የማቀዝቀዣው በረዶ ገና አልቀለጠም ነበር፤ ሰብሬ ጎድጓዳ ሳህን ሞላሁና ውኃ ጨምሬበት ሁለቱን ቱቦ ግቢው ውስጥ አቆምኳቸው። ሽማግሌው፣ ልጅቷና ሾፌሩ ዙሪያውን ከበቡ። ለጥቂት ደቂቃ ምንም የለም። ከዚያ የቀኙ ቱቦ ግድግዳ ላይ ነጭ መርፌ መርፌ የመሰለ ነገር ብቅ አለ፤ መርፌው ወደ ውስጥ እየሰደደ ሄዶ ሙሉውን ያዘው። ቱቦውን አንሥቼ ዘቀዘቅኩት፤ ጠብ የሚል የለም። የግራው እንደ ውኃ ይዋልላል።

«ይህማ ሞራ ሆነ!» አሉ ሽማግሌው።

የኬሚስቱ ቤንዚን በ5.5 ዲግሪ ይረጋል፤ የማደያው ከዜሮ በታች ብዙ ወርዶም አይረጋም። ምክንያቱ ደግሞ የሁለቱ ልዩነት ራሱ ነው። የማደያው ቤንዚን አንድ ነገር አይደለም፤ ከአራት እስከ አሥራ ሁለት ካርቦን ያላቸው በመቶ የሚቆጠሩ ዓይነት ሃይድሮካርቦኖች የተቀላቀሉበት ነው፤ ቅርጹ የተለያየ ጉባኤ ደግሞ ተሰልፎ ለመቆም ይቸገራል። የኬሚስቱ ግን አንድ ዓይነት ሞለኪውል ብቻ ነው፦ ስድስት ካርቦን ክብ ሠርተው እጅ ለእጅ ተያይዘው፣ እያንዳንዱ አንድ ሃይድሮጂን በውጭ በኩል ይዞ። ኬኩሌ የተባለው ጀርመናዊ ይህን የቀለበት ቅርጽ ያቀረበው በአውሮፓውያኑ 1865 ነው፤ ከዓመታት በኋላ፣ በእንቅልፍ ልቡ ጭራውን የነከሰ እባብ አይቶ እንደነበር ተናግሯል። እንዲህ ያለ ጠፍጣፋ ቀለበት ሲቀዘቅዝ አንዱ ካንዱ ጎን ልክ ይገጥማል። ሰው ላይ የሚሠራው ግን ከባድ ነው፤ የአጥንት መቅኔን ይጎዳል፣ የደም ካንሰር ያመጣል፤ ለዚህም ነው ቤተ ሙከራዎች በተቻለ መጠን በቶሉዊን የተኩት።

አንድ የሚያወሳስብ ነገር ልጨምር፤ መተው አልፈልግም። የማደያው ቤንዚን ውስጥም ከዚሁ ቀለበት ትንሽ አለ። አውሮፓውያን ከመቶ አንድ እጅ እንዳይበልጥ በሕግ ወስነዋል። ስለዚህ የመኪናው ቢሆን ኖሮ ሽማግሌው ደህና ነበሩ ማለቴ አይደለም። ቤንዚን በቱቦ በአፉ የሚስብ ሰው ያላየን ማን አለን?

«ታዲያ ሁለት ነገር ከሆነ ምን ቆርጦት ነው አንድ ስም የሰጠው?» ሲሉ ጠየቁኝ ሽማግሌው፣ በተውሶ ጀበና የተፈላውን ቡና ይዘው።

ሾፌሩ ቀደመኝ። «ከቤንዝ ነዋ፤ መኪናውን ከሠራው ሰው።» ይህን ብዙ ሰው ያምናል። ካርል ቤንዝ ግን የተወለደው በ1844 ነው፤ ስሙ ከሱ በአሥራ አንድ ዓመት ይቀድማል። ፈሳሹን መጀመሪያ ለይቶ ያወጣው እንግሊዛዊው ፋራዳይ ነው፤ በ1825፣ ለመብራት ከሚጨመቅ ጋዝ ከሚቀር ቅባት ውስጥ፤ የሰጠውም ስም ሌላ ነበር። በ1833 ሚትሸርሊኽ የተባለ ጀርመናዊ ቤንዞይክ አሲድን ከኖራ ጋር አንጥሮ ያንኑ ፈሳሽ አገኘና «ቤንዚን» አለው። አሲዱ የሚወጣው ቤንዞይን ከሚባል የዛፍ ሙጫ ነው። ሙጫው ደግሞ ከሩቅ ምሥራቅ በዐረብ ነጋዴዎች እጅ የሚመጣ ዕጣን ነበር፤ እነሱም «ሉባን ጃዊ» ይሉታል፣ የጃቫ ዕጣን። አውሮፓውያን መነሻዋን «ሉ» እንደ እንግሊዝኛው «the» ያለች የራሳቸው አመልካች ቃል መስላቸው ጣሏትና «ባን ጃዊ» ብቻ ቀረ፤ እሱም እየተለወጠ ቤንዞይን፣ ከዚያ ቤንዚን።

ልጅቷ ማንኪያዋን አቆመች። «ሉባን ጃዊ?» ብላ ደገመችውና ከጎኗ ያለውን ትንሽ የላስቲክ ቋጠሮ አየች። ከቅዳሜ ገበያ የገዛችው ነው። ልባንጃ።

እውነቱን ለመናገር እኔም ያን ያህል ጊዜ ታሪኩን ሳውቀው፣ የራሳችንን ቃል ከጎኑ አስቀምጬው አላውቅም ነበር። ድምፁ ራሱ ይናገራል፤ እነሱ የጣሏትን «ል» እኛ ይዘናት ቀረን። ያን ቀን ከመጋዘኑ በር ከውጭ ልባንጃው ይጨሳል፣ ከውስጥ የልጅ ልጁ ይተናል፤ እኔም ሽታቸውን ሳምታታ ያን ያህል አላበድኩም።

ነዳጁ ስሙን እንዴት ወረሰ ያልን እንደሆነ፣ ጀርመኖች ልብስና እድፍ የሚያጸዱበትን ቀላል የፔትሮሊየም ፈሳሽም ቤንዚን ይሉት ጀመር፤ መኪና ሲመጣ ስሙ ወደ ነዳጁ ዞረ። ጣሊያን ቤንዚና ይላል፤ ከጎሚስታው፣ ከናፍታውና ከአኳራጁ ጋር እኛም ጋ ደርሷል። ኬሚስቶቹ ግን እንግሊዝኛውን ተከትለው ለቀለበቱ ያዙት። እንግዲህ እድፍ በቤንዚን ማጠብ የሽማግሌው ፈጠራ አይደለም፤ የስሙ ሁለተኛ ሥራ ነው።

የቀረው ወረቀት ነው። የጎደለው ፈሳሽ በሪፖርት መገለጽ ነበረበት፤ ሒሳብ ክፍሉም «የጎደለው ቤንዚን በዕለቱ የማደያ ዋጋ ተተምኖ ከኃላፊው ይቆረጥ» ብሎ ወሰነ። ብዘጋው በቀላሉ ይለቀኛል፤ የእኔው ቤንዚን በሊትር ከማደያው ብዙ እጥፍ ነው። ግን መዝገቡን ያበላሸሁት እኔ ስለሆንኩ ሦስት ገጽ ማብራሪያ ጻፍኩ፤ ፋራዳይም ልባንጃውም ገባበት። በሳምንቱ ተመለሰልኝ፤ ግርጌው ላይ እንዲህ ይላል፦ «ጉዳዩ ግልጽ አይደለም። ቤንዚን ወይስ ቤንዚን መሆኑ ተለይቶ ይቅረብ።»

አዲስ ስም መፈለግ ግድ ሆነ። መጀመሪያ የጀርመኖቹን «ቤንዞል» መረጥኩ፤ ሊቢግ ያወጣው ነው። አንዲት ባልደረባዬ አልተቀበለችም፤ «ኦል» ብሎ የሚያልቅ ሁሉ እንደ ኢታኖል፣ እንደ ሜታኖል አልኮል መሆኑን ተማሪ ሳይቀር ያውቃል፤ ይህ ደግሞ ኦክሲጅን የሚባል በደጁ አላለፈም፤ ሌላ ስሕተት ልትተክል ነው አለችኝ። ልክ ናት። በመጨረሻ ጠርሙሱ ላይ «ቤንዚን፣ ባለ ቀለበቱ፣ ነዳጅ አይደለም» ብዬ ጽፌ ከሥሩ 71-43-2 አስከተልኩ። ይህ ቁጥር በየትም አገር ለዚህ አንድ ፈሳሽ ብቻ የተመዘገበ ነው። ቀይ የራስ ቅል ሥዕልም ተለጥፏል፤ ጠርሙሱም ቁልፍ ያለው ቁም ሣጥን ገብቷል።

ሽማግሌው በሮቹን ሊጨርሱ በወሩ ተመልሰው መጡ። ጣሳቸውን ይዘው መጋዘኑ ደጃፍ ቆሙና «ልጄ፣ ቤንዚን ስጪኝ» አሉ፤ «የመኪናውን፤ የልባንጃውን አላልኩም።»

«የመኪናውም የለም ጋሼ፣ ማደያው ሰልፍ ነው። አኳራጅ ገዝተንልዎታል።»

ቆርቆሮውን ተቀብለው ጽሑፉን እያንዳንዱን ፊደል በጣታቸው እየነኩ ሁለት ጊዜ አነበቡት። ከዚያ ክዳኑን ከፍተው ለማረጋገጥ ወደ አፍንጫቸው ሲያስጠጉት ሁለታችንም እኩል ጮህን።