ማይኩ ያልተነቀለበት የምሳ ሰዓት

ስለ ፍቅርና ትዳር በሚሠራ ዘጋቢ ፊልም ቀረጻ ላይ የሆነ ነው። ሚስት ቃለ መጠይቋን ጨርሳ ለምሳ ተነሣች። የማይኩን ድምፅ ወደ ሪከርደሩ የሚልከው ትንሽ ማሠራጫ ወገቧ ላይ፣ ማይኩ ነጠላዋ ሥር እንዳለ ወጥ ቤት ገባች። ካሜራ ፊት «ይቅር ብዬዋለሁ» ያለችውን ነገር፣ ገና እንዳልወጣላት ለእህቷ በሹክሹክታ አጫወተቻት። የድምፅ ባለሙያው ሄድፎኑን አውልቆ ምሳ ላይ ነው፤ ሪከርደሩ ግን ይቀዳል።

ጉዳዩ የታወቀው ኤዲቲንግ ላይ ነው። ዳይሬክተሩ «የፈቃድ ቅጹ ላይ ፈርማለች» ብሎ ሊያስገባው ፈለገ፤ ኤዲተሯ እምቢ አለች። እውነቷን ነው። ሴትዮዋ የፈረመችው እየተቀዳች መሆኗን አውቃ ለምትናገረው ነው፤ እህቷ ደግሞ ጭራሽ አልፈረመችም። ሚስት ባልየው በሌለበት ተጠርታ የተቀዳውን ድምፅ ሰማችው። «አጥፉልኝ» አለች። እዚህ ላይ ብዙዎች የሚዘነጉት፣ ዋናውን ፋይል መሰረዝ ብቻውን እንደማይበቃ ነው፤ መጠባበቂያ ሃርድ ዲስኩ፣ ለኤዲቲንግ የተዘጋጀው ቀለል ያለ ቅጂ፣ ወደ ጽሑፍ የተገለበጠው ንግግርም አብረው ይጠፋሉ።

ማይኩ ከአገጭ 15 እስከ 20 ሴንቲ ሜትር ዝቅ ብሎ ይሰካል። ነጠላ ሲነካው ይንኮሻኮሻል፣ የአንገት ሐብል ይመታዋል፤ ባለሙያው በፕላስተር የሚያጣብቀው ለዚህ ነው፤ ልብስ ሥር የሚደብቀው ደግሞ ካሜራ ላይ እንዳይታይ ነው። ጣጣውም ከዚሁ ይመጣል፤ ያልታየ ማይክ ይረሳል። ስለዚህ «ቆርጠናል» እንደተባለ መጀመሪያ ሪከርደሩ ይቆማል፣ ቀጥሎ ማሠራጫው ይጠፋል። ባለታሪኳም የማሠራጫው መብራት መጥፋቱን በዓይኗ ታያለች።

ማይኩ ሰውን ብቻውን እንዲናገር ማስቻሉ አዲስ ነገር አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1960 በጋ ፈረንሳዊው ፊልም ሠሪ ዣን ሩሽና የማኅበረሰብ ተመራማሪው ኤድጋር ሞረን ፓሪስ ላይ ዘጋቢ ፊልም ሲቀርጹ፣ ከባለታሪኮቹ አንዷ ማርሴሊን ሎሪዳን ናግራ የተባለውን ተንቀሳቃሽ የድምፅ መቅጃ ቴፕ አንግታ እየሄደች ከናዚ ካምፕ ስላልተመለሰው አባቷ ለራሷ ተናግራለች። ካሜራው ከእሷ ርቆ ነበር። ልዩነቱ ቴፑን ራሷ መሸከሟ ነው፤ መቀዳቷን ታውቃለች። ሁለቱ ሰዎች ፊልሙን ለባለታሪኮቹ አሳይተው የሰጡትን አስተያየትም እዚያው ፊልሙ ውስጥ አስገብተዋል። አንዳንዱ ገመና ተገለጠ ብሎ ተቆጣ፣ ሌላው ትወና ነው አለ።

ፍቅርን በሚመለከት ሥራ ፊርማ ሁለት ጊዜ ቢሆን ይሻላል፦ ከቀረጻ በፊት፣ ከዚያም ኤዲት ተደርጎ የተዘጋጀውን ክፍል ካዩ በኋላ። ባልና ሚስት ለየብቻ ይዩት። አንዱ ሌላውን ፈርቶ ይስማማልና። ስማቸው የተነሣ የቀድሞ ፍቅረኞችም አሉ፤ ስሙ ቢቆረጥ እንኳ ሰፈሩና የሥራ ቦታው ከተጠቀሱ ሰውየው ይታወቃል። ፊት ሸፍኖ ድምፅ ማወፈርም ጎረቤትን አያታልልም፤ አነጋገሯን፣ ሳሏን ያውቃሉ። መደበቅ ካለባት ቃሏን ሌላ ሰው ያንብበው።