የካምፑ ዕቁብ

ስለ 1983 ሲወራ ሁሌ የሚነሳው የመንግሥቱ ኃይለማርያም መሄድና የጄኔራሎቹ ነገር ነው። እኔን ትዝ የሚለኝ የእናቴ ዕቁብ ነው።

አባቴ ወታደር ነበር፤ ያደግነው አስመራ፣ ካምፕ ውስጥ ነው። የካምፑ ሚስቶች ደመወዝ በወጣ ማግስት ዕቁብ ይጥሉ ነበር። ግንቦት 13 መንግሥቱ ከአገር ወጣ። ግንቦት 16 አስመራ በሻዕቢያ እጅ ገባች። እናቴ ገና ዕጣ አልወጣላትም ነበር። ማንን ትጠይቅ? ሰብሳቢዋ ከነባሏ በከረን አድርጋ ወደ ሱዳን ሄደች ተባለ። «ብሬን ውኃ በላው» ትላለች እስከ ዛሬ።

ካምፕ ላልኖረ ሰው ነገሩ ቶሎ አይገባውም። ደመወዙ፣ ቤቱ፣ ክሊኒኩ፣ ራሽኑ፣ ሁሉም ከአንድ እጅ ነበር የሚመጣው። ጎረቤት እንኳ የሚመጣልህ በምድብ ነው። ሠራዊቱ ፈረሰ ሲባል ሰፈሩም አብሮ ፈረሰ።

በብሔራዊ ውትድርና ታፍሶ የመጣ የገበሬ ልጅ «ወደ ቀዬህ ግባ» ሲባል እፎይ ሳይል አይቀርም። ወላጆቹ አሉ፣ መሬቱ አለ። እኛስ? አባቴ ከጎጃም የወጣው ገና ጎረምሳ ሳለ ነው። እናቴ የአስመራ ልጅ ናት። እኛ ከካምፑ ሌላ ቀዬ አናውቅም።

የእናቴ እህት «አንቺ እንኳ ቅሪ» ብላ ለምናታለች። እሷ ግን እኛን ይዛ በሰንዓፌ፣ በዛላምበሳ አድርጋ አዲግራት ገባች። አብዛኛውን በእግር ነው። አባቴን አዲስ አበባ ያገኘነው ከተሃድሶ ካምፕ ከተለቀቀ በኋላ ነው። ስንት ወታደር ያዘዘ ሰው የመጋዘን ዘበኛ ሆነ። ጦርነቱ እንኳን አበቃ እላለሁ፣ እሱም ይል ነበር። ግን የሠፈር ልጆች «የደርግ ልጅ» ሲሉኝ ምን እንዳጠፋሁ አይገባኝም ነበር።

በ1990 የኢትዮጵያና የኤርትራ ጦርነት ሲነሳ ከአስመራ ጋር ስልኩም ተቋረጠ። መስመሩ የተከፈተው ሐምሌ 2010 ነው። እናቴ ከእህቷ ጋር በትግርኛ ተላቀሱ። ለቅሶው ሳያባራ ስለ ሲንጀሯ ጠየቀች፤ አደራ ብላ ትታት የመጣችው የልብስ ስፌት መኪና ነው። አክስቴ ድሮ ሸጣዋለች።

«በስንት?» አለች እናቴ። ካርዱ እስኪያልቅ ተጨቃጨቁ።