ካትሪን ዛስ በሐውልቱ ፊት
ዛሬ ከሰዓት በኋላ ልብስ እየተኮስኩ «ጉድ ባይ ሌኒን» የተሰኘውን እ.ኤ.አ. በ2003 የወጣ የጀርመን ፊልም ደግሜ ስመለከት፣ ካውያዬን ያስቀመጥኩት ራሷን ስታ በተኛችበት ጊዜ የኮሚኒስቷ ምሥራቅ ጀርመን ሥርዓት መውደቁን ያላወቀችው እናት ከሕመም አልጋዋ ተነሥታ ወደ መንገድ ወጥታ፣ በሄሊኮፕተር ተንጠልጥሎ የሚወሰደው የሌኒን ሐውልት እጁን እንደዘረጋ በፊቷ ሲያልፍ በምታይበት ትዕይንት ላይ ነው። ተዋናይቷ ካትሪን ዛስ ራሷ የምሥራቅ ጀርመን ልጅ ናት፤ የአገሪቱ መንግሥት የፊልም ድርጅት ዴፋ በሠራው ፊልም እ.ኤ.አ. በ1982 በበርሊን ፌስቲቫል፣ ያውም ከበርሊን ግንብ ማዶ በምዕራቡ በኩል፣ በምርጥ ተዋናይትነት የብር ድብ የተባለውን ሽልማት አግኝታለች። ግንቡ ከፈረሰ በኋላ የቅርብ ጓደኛዋ ስለ እሷ ለምሥራቅ ጀርመን የምሥጢር ፖሊስ፣ ለስታዚ፣ መረጃ ታቀብል እንደነበር አወቀች፤ ከመጠጥ ሱስም ጋር ታገለች። የተሰለለባት ሴት እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ መጨረሻ በቴሌቪዥን የፖሊስ መርማሪ ሆና መተወኗ ግን (ዕጣ ፈንታም ይቀልዳል ልበል?) ይገርመኛል። ሐውልቱ ሲያልፍ ፊቷ ላይ የሚታየው ግራ መጋባት፣ ያንን ሥርዓት ኖራበት ካላለፈች ተዋናይት የሚገኝ አይመስለኝም።