ሳንጃው ሲመለስ፦ ያለ ንግግር ምሕረትን ማሠራት

በጦር ሜዳ የተገናኙ ሁለት ባላንጣዎችን የሚያሳይ፣ አንድም ቃል የማይነገርበት አጭር ትዕይንት ከሁለት ተዋንያን ጋር አዘጋጅቼ ነበር። አንደኛው መግደል እየቻለ አይገድልም። ልምምድ ከመጀመራችን በፊት መምህር ያደረግኋቸው የድምፅ አልባው ዘመን ፊልሞች ናቸው።

ብዙ ጊዜ የወሰደብኝ ኪንግ ቪዶር እ.ኤ.አ. በ1925 ያዘጋጀው «ዘ ቢግ ፓሬድ» ነው። ጆን ጊልበርት የሚጫወተው አሜሪካዊ ወታደር ጓደኛው ተገድሎበት በቁጣ ነድዷል። አንድ ጀርመናዊ አሳድዶ መድፍ በቆፈረው ጉድጓድ ውስጥ ይደርስበትና ሳንጃውን ጉሮሮው ላይ ይደግናል። እጁ ግን እምቢ ይለዋል። በሞት አፋፍ ያለው ጀርመናዊ በምልክት ሲጋራ ሲለምነው ይሰጠዋል። ሙዚቃውን አጥፍቼ የእጅና የዓይን እንቅስቃሴውን አንድ በአንድ በደብተር መዘገብሁ። የገረመኝ ወታደሩ ከማረው በኋላም የሰውየውን ፊት በመዳፉ ገፍቶ ማዞሩ ነው። ጥላቻው አልለቀቀውም፤ ርኅራኄው የመጣው ከነጥላቻው ነው። ቪዶር ጀግናውን በአንድ አፍታ ቅዱስ ስላላደረገው አመንሁት።

ተዋናዬን «እዘንለት» ስለው ፊቱን ብቻ ያጨማድድ ነበር። ስለዚህ ኮዳ አስያዝሁትና «እንደተቆጣህ ውሃውን ስጠው» አልሁት። ክዳኑን ፈታ፤ መጀመሪያ ራሱ ጠጣ፤ ከዚያ ወደ ሰውየው ሳያይ ክንዱን ዘረጋ። ያንን እኔ አልጻፍሁትም፤ ከዕቃው የመጣ ነው። ከዚያ በኋላ ተዋናይን ስሜት አላዝዘውም፤ የሚይዘውን ነገርና የሚሠራውን ሥራ እሰጠዋለሁ።

የውሃውን ሐሳብ ያገኘሁት ዲ. ደብልዩ. ግሪፍዝ እ.ኤ.አ. በ1910 ስለ አሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ከሠራው «ኢን ዘ ቦርደር ስቴትስ» ነው። ውሃ ፍለጋ የመጣን የደቡብ ወታደር የሰሜን ወታደር ልጅ የሆነች ሕፃን ትደብቀዋለች፤ በኋላ አባቷን ሊገድል ሲል እርሷን አይቶ ይተወዋል። ውብ ነው። ነገር ግን እ.ኤ.አ. በ1915 ኩ ክሉክስ ክላንን፣ ማለትም በአሜሪካ ጥቁሮችን ያሸብር የነበረውን የነጭ የበላይነት አራማጅ ቡድን፣ ያወደሰውን ፊልም የሠራው ይኸው ሰው ነው። እዚያም የደቡቡ መኮንን ለወደቀ ነጭ ጠላቱ ውሃ ያጠጣል፤ ጥቁሮች ግን እንደ አውሬ ይታያሉ። ይህ አሳዝኖኛል፤ አስቆጥቶኛልም። አሁን ማንኛውንም የምሕረት ትዕይንት ስጽፍ ምሕረቱ የተነፈገው ማን እንደሆነ አስቀድሜ እጠይቃለሁ።