ድርቆሽ የጫረው ዓይን

ሱሉልታ ላይ ድርቆሽ ስንጭን የሣር ጫፍ ቀኝ ዓይኔን ጫረው። ይቆረቁራል፣ እንባው አይቆምም፣ ብርሃን አይቻልም። ሰው ሁሉ የሚያውቀው መላ ነጠላ ጠቅልሎ፣ እፍ እያሉ አሙቆ መጫን ነው። ሙቀቱ ያባብላል፤ ጫናው ግን ጭረቱን ያሰፋዋል። ጉድፍን በምላስ ማስወጣትማ የአፍ ጀርም ቁስል ላይ መቀባት ነው።

እጄን በሳሙና ታጥቤ፣ ራሴን ወደ ቀኝ አዘንብዬ፣ የታሸገ ውሃ ከአፍንጫ በኩል ወደ ጆሮ እንዲወርድ ቀስ ብዬ አፈሰስኩበት። ከዚያ የላይኛውን ቆብ በሽፋሽፍቱ ይዤ በታችኛው ላይ ሳብኩትና ለቀቅኩት፤ የታችኛው ሽፋሽፍት ጉድፉን ይጠርጋል። መቆርቆሩ ስላልቀረ በዚያው ቀን ዓይን ክሊኒክ ሄድኩ።

ብርቱካናማ ቀለም ያለባትን ወረቀት አርጥበው የታችኛውን ቆብ ውስጡን ያስነኩታል፤ በሰማያዊ መብራት ሲታይ የተላጠው ቦታ ብቻ አረንጓዴ ሆኖ ያበራል። የላይኛውን ቆብ ካልገለበጡ ጠይቁ። ሥሩ የተደበቀ ጉድፍ ዓይን በተርገበገበ ቁጥር ኮርኒያውን፣ ማለትም ከዓይን ፊት ያለውን ብርሃን የሚያሳልፍ ሽፋን ይፍቃል፤ ከላይ ወደ ታች የተሰመሩ ቀጫጭን ጭረቶች ምልክቱ ናቸው።

የታዘዘልኝ 1 በመቶ ቴትራሳይክሊን ቅባት ነው፤ በቀን 4 ጊዜ፣ ለ5 ቀን። የታችኛውን ቆብ ዝቅ አድርጎ 1 ሳንቲ ሜትር ያህል ማኖር፣ የቱቦው አፍ ዓይንም ጣትም ሳይነካ። ለሕመሙ ፓራሲታሞል። በፋሻ ማሸግ መዳኑን አያፈጥነውም።

ሁለት ጠብታዎችን ከቤት አርቁ። አንዱ ለምርመራ የሚደረገው ማደንዘዣ ነው፤ እፎይ ስለሚያሰኝ ይዘውት መሄድ ያምራል፣ ደጋግሞ ሲጨመር ግን ቁስሉ አይገጥምም። ሁለተኛው ዴክሳሜታዞን ያለበት ነው። ሣርና ገለባ ፈንገስ ይዘው ይገባሉ፤ ይህ ጠብታ ቅላቱን እያጠፋ ፈንገሱን ያደልባል። ፈንገስ ደግሞ አይቸኩልም፣ ቀናት ወይም ሳምንት ቆይቶ ነው የሚታየው። ኮርኒያው ላይ ነጭ ነጥብ ካያችሁ ወይም ሕመሙ ከ2ኛው ቀን በኋላ ከባሰ ተመለሱ። ብሌኑ ክብነቱን አጥቶ እንደ እንባ ጠብታ ከሾለ ዓይኑ ሳይበሳ አልቀረም፤ ሳይታጠብ፣ ሳይቀባ፣ ሳይጫን በዚያው ሰዓት ሆስፒታል።

ትንሽ ጭረት ከ24 እስከ 72 ሰዓት ይገጥማል፤ ከዳር ያሉት ሕዋሳት እየተንሸራተቱ ይሸፍኑታል። የሸፈነው ልጥ ግን አጥብቆ ለመያዝ ሳምንታት ይፈልጋል። ሌሊት ዓይን ሲደርቅ ቆቡ ይጣበቅበትና ጠዋት ሲገለጥ ይልጠዋል፤ ድኗል የተባለ ዓይን ድንገት የሚወጋው ለዚህ ነው። እኔም ሐኪሙን ጠይቄ ማታ ማታ ቅባቱን ቀጠልኩ። ጠዋትም እንደጨፈንኩ ዓይኔን ግራና ቀኝ አንቀሳቅሼ፣ እንባ ሲመጣልኝ ነው ቀስ ብዬ የምገልጠው።